አሮጌውን ሳያጠፉ ማደስ
«ሄይሎ፦ ዘ ማስተር ቺፍ ኮሌክሽን» የተባለው የጨዋታ መድበል ይዘትና ለሙያው የሚሰጠው ትምህርት

(በማኅበሩ ዓመታዊ ጉባኤ ላይ የቀረበ ንግግር)




የምሕንድስና ሥራ ሲነሣ በብዙ ሰው አእምሮ ቀድሞ የሚሣለው አዲስ ነገር ሲገነባ ነው። ድልድዩ ሲዘረጋ፣ ግድቡ ውሃ ሲይዝ፣ መሣሪያው ሲተከል ሪባን ይቆረጣል፤ ጭብጨባም ይሰማል። ይሁን እንጂ ከመሐንዲሶች ድካም ቀላል የማይባለው ክፍል የሚውለው ቀድሞ የተሠራውን በመጠበቅ፣ በመጠገንና በማደስ ላይ ነው። ለዚህ ዓይነቱ ሥራ ሪባን አይቆረጥለትም። በደንብ ሲሠራ ማንም አያስተውለውም፤ ሲበላሽ ግን ሁሉም ያየዋል።

ይህ ንግግር የዕድሳትን ሥራ የሚመለከተው ከወትሮው ራቅ ካለ መስክ በተወሰደ ምሳሌ ነው። ምሳሌው «ሄይሎ፦ ዘ ማስተር ቺፍ ኮሌክሽን» የሚባለው የቪዲዮ ጨዋታዎች መድበል ነው። ጨዋታ በመሆኑ ብቻ ጉዳዩን የልጆች ነገር ነው ብሎ ማለፍ አይገባም። ከስክሪኑ በስተጀርባ ያለው ብዙ ባለሙያዎች ለዓመታት የደከሙበት ውስብስብ የሶፍትዌር ግንባታ ነው። በመድበሉ ውስጥ ምን እንዳለ፣ እንዴት እንደገባና ሲገባም ምን እንደተበላሸ መመርመር፣ ማናቸውንም አሮጌ ሥራ ለማደስ ለሚነሣ ባለሙያ ይጠቅማል። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ እንደሚባለው ከአመጣጡ መጀመር ይበጃል። በዚህ ንግግር የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ሄይሎ በሳይንሳዊ ልብ ወለድ ላይ የተመሠረተ የተኩስ ጨዋታ ነው። ተጫዋቹ ዓለሙን የሚያየው ማስተር ቺፍ በተባለ፣ ጥሩር በለበሰ ወታደር ዓይን ነው። ታሪኩ የሚፈጸመው ወደፊት በ26ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሲሆን፣ የሰው ልጅ ኮቨናንት ከሚባል የልዩ ልዩ ፍጡራን ኅብረት ጋር ይዋጋል። የጨዋታው ስም የተገኘው ደግሞ በጥንት ሥልጡን ፍጡራን ከተሠራችና በጠፈር ላይ ከምትገኝ ቀለበት መሰል ዓለም ነው።

የመጀመሪያው ጨዋታ ባንጂ በተባለው ድርጅት ተሠርቶ፣ የማይክሮሶፍት ኩባንያ ኤክስቦክስ የተባለውን የጨዋታ መሣሪያ ለገበያ ባቀረበበት ዕለት ኖቬምበር 15 ቀን 2001 ወጣ። ያ መሣሪያ 733 ሜጋኸርዝ ፕሮሰሰርና 64 ሜጋባይት ሜሞሪ ብቻ ነበረው። ሁለተኛው ጨዋታ በ2004፣ ሦስተኛው በ2007 ተከተሉ። ባንጂ ከማይክሮሶፍት ከተለየ በኋላ ኃላፊነቱን የተረከበው 343 ኢንዱስትሪስ የተባለው ድርጅት አራተኛውን በ2012 አወጣ። በዚህ ጊዜ ውስጥ መሣሪያው ራሱ ሁለት ጊዜ ትውልድ ቀይሯል፤ በ2005 ኤክስቦክስ 360፣ በ2013 ደግሞ ኤክስቦክስ ዋን ወጥተዋል። ለአንዱ የተሠራው ጨዋታ በሌላው ላይ እንዲሁ እንደ ሸክላ ተነሥቶ የሚጫወት አልነበረም። የመድበሉ አሳብ የተወለደው ከዚህ ችግር ነው።

መድበሉ ኖቬምበር 11 ቀን 2014 ለኤክስቦክስ ዋን ሲወጣ አራቱን ዋና ዋና ጨዋታዎች ይዞ ነበር። ተጫዋቹ ከአንድ ማውጫ ተነሥቶ ከማንኛውም ጨዋታ ማንኛውንም ምዕራፍ መርጦ እንዲገባ ተደርጓል። ከአራቱ ጨዋታዎች የተሰበሰቡት የውድድር ሜዳዎች ከ100 በላይ ነበሩ። በ2001 ከተጎራባች መሣሪያዎች ጋር በሽቦ ካልተገናኘ በቀር ከሩቅ ሰው ጋር የማያጫውተው የመጀመሪያው ጨዋታም በመድበሉ ውስጥ የኢንተርኔት መስመር ተዘርግቶለታል። «ኦ.ዲ.ኤስ.ቲ.» የተባለው የ2009 ጨዋታ የታሪክ ክፍል በ2015 ተጨመረ። በ2010 የወጣው «ሪች» በዲሴምበር 2019 ገባ፤ መድበሉም ከዚያው ወር ጀምሮ ለኮምፒዩተር ተራ በተራ መቅረብ ጀመረ። በኖቬምበር 2020 ስድስቱም ተሟሉ።

ይዘቱ በዝርዝር ሲቈጠር የሚያስደንቅ ቢሆንም፣ ለመሐንዲስ ዋናው ነገር ቍጥሩ አይደለም። ሁሉም በአንድ ዓይነት መንገድ አልታደሱም። ሦስተኛውና አራተኛው ሥዕላቸው ሳይነካ ምስላቸው ብቻ እንዲጠራና እንቅስቃሴያቸው እንዲለሰልስ ተደርጓል። ሦስተኛው ጨዋታ በ2007 ምስሉን የሚያዘጋጀው 1152 በ640፣ ማለትም በ737,280 ነጥቦች ነበር፤ በመድበሉ ግን 1920 በ1080፣ ማለትም 2,073,600 ነጥቦች ሆኗል። ይህም 2.8 እጥፍ ያህል ነው። በሴኮንድ የሚታየው የምስል ብዛትም ከ30 ወደ 60 አድጓል። እያንዳንዱን ምስል ለማዘጋጀት ቀድሞ 33 ሚሊሴኮንድ የነበረው ጊዜ ወደ 17 ሚሊሴኮንድ ተጠጋ ማለት ነው። በአንድ በኩል ሥራው በዝቷል፤ በሌላ በኩል ጊዜው አጥሯል።

የመጀመሪያውና ሁለተኛው ጨዋታ ግን ገጽታቸው እንደገና ተሠርቷል። የመጀመሪያው ዕድሳት የተሠራው ቀደም ብሎ በ2011፣ ለጨዋታው ዐሥረኛ ዓመት ነበር፤ ሁለተኛው የታደሰው ደግሞ ለዚሁ መድበል ነው። ለሁለተኛው ታሪኩን የሚያያይዙት ትዕይንቶች በሙሉ ብለር ስቱዲዮ በተባለ ድርጅት በአዲስ መልክ ተሠርተዋል፤ ሙዚቃውም እንደገና ተቀርጿል። ሠሪዎቹ ግን አሮጌውን አልጣሉትም። ተጫዋቹ አንድ ቁልፍ ሲጫን አዲሱ ገጽታ ይሰወርና በ2004 የነበረው በቦታው ይመጣል፤ ደግሞ ሲጫን ይመለሳል። በ2011 በታደሰው የመጀመሪያ ጨዋታ ይህ ለውጥ ስክሪኑ ለአፍታ ጨልሞ የሚፈጸም ነበር፤ በሁለተኛው ግን በቅጽበት ይሆናል።

ይህን ማድረግ የሚቻለው አሮጌው ፕሮግራም ከሥር ሥራውን ሳያቋርጥ ነው። ጠላት ወዴት እንደሚሄድ፣ ጥይት የት እንደሚያርፍ፣ በር መቼ እንደሚከፈት የሚወስነው ያው የቀድሞው ፕሮግራም ሲሆን፣ አዲሱ ሥዕል በላዩ እንደ ልብስ ይደረባል። ዋጋው ቀላል አልነበረም። በኤክስቦክስ ዋን ላይ ሁለቱ ገጽታዎች ጎን ለጎን ስለሚዘጋጁ የሁለተኛው ጨዋታ የታሪክ ክፍል 1920 በ1080 ሊደርስ አልቻለም፤ 1328 በ1080 ላይ ቀረ። ይህም የሙሉው 69 በመቶ ያህል ነው። ሠሪዎቹ ከምስሉ ጥራት ጥቂት ሰውተው ተመልካቹ አሮጌውን ከአዲሱ ጋር በገዛ ዓይኑ የሚያመዛዝንበትን ዕድል ጠበቁለት ማለት ነው። ልብሱ ከገላው ጋር ያልገጠመበት ቦታ አልጠፋም። በመጀመሪያው ጨዋታ አዲሱ ሥዕል አለት ያሳየበት ስፍራ ለአሮጌው ፕሮግራም ባዶ ሜዳ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ሆኖም ቁልፉ በመኖሩ ስሕተቱ አይሸሸግም። ተጠራጣሪው ቁልፉን ተጭኖ እውነቱን ያያል።

ከዚህ ቀጥሎ የሚነሣው የእናት ቅጂ ጉዳይ ነው። የብራና መጻሕፍትን የሚያውቅ ሁሉ እንደሚረዳው፣ አንድ ቁም ጸሐፊ የቱንም ያህል ጥንቁቅ ቢሆን ከፊቱ የተዘረጋው መጽሐፍ የተሳሳተ ከሆነ ስሕተቱን አሳምሮ ይገለብጠዋል። በሄይሎም የደረሰው ይህ ነው። ለመጀመሪያው ጨዋታ ዕድሳት መነሻ የተደረገው በ2001 ለኤክስቦክስ የተሠራው ሳይሆን፣ በ2003 ወደ ኮምፒዩተር የተዛወረው ቅጂ ነበር። ያ ቅጂ ሲዛወር የብርሃንና የገጽ ሸካራነት ማሳያዎቹ በአንዳንድ ቦታ ተበላሽተው ነበር። በመሆኑም ተጫዋቹ ቁልፉን ተጭኖ «አሮጌውን» ሲጠራ የሚመጣለት እውነተኛው የ2001 ገጽታ ሳይሆን የተዛነፈው ግልባጭ ሆነ። ጥንቱን የሚያስታውሱ ተጫዋቾች ይህን ሲያመለክቱ ቆይተው፣ በመድበሉ ውስጥ የታረመው በ2021 ነው። ዕድሳቱ ከወጣ ዐሥር ዓመት፣ ግልባጩ ከተሳሳተ ደግሞ ዐሥራ ስምንት ዓመት አልፎ ነበር። መነሻውን ሳይመረምር ሥራ የጀመረ ሰው ከኋላ የሚከፍለው ዕዳ ይህን ያህል ረጅም ነው።

ሦስተኛው ነጥብ ከዓይን የተሰወረው የማዛወር ሥራ ነው። የኤክስቦክስ 360 ፕሮሰሰር ከፓወር ፒሲ ወገን ሲሆን፣ ኤክስቦክስ ዋን የሚሠራው እንደ ተራው ኮምፒዩተር በኤክስ 86 ወገን ነው። ሁለቱ ትእዛዝን የሚረዱት በተለያየ ቋንቋ ነው፤ ከአንድ ባይት በላይ የሆነን ቍጥር በሜሞሪ ውስጥ የሚያስቀምጡበት ቅደም ተከተልም ተቃራኒ ነው። አንዱ ከትልቁ ወገን ሲጀምር ሌላው ከትንሹ ይጀምራል። ይህ ካልተስተካከለ 1 የነበረው ቍጥር 16,777,216 ሆኖ ሊነበብ ይችላል። የምስሉን ብዛት በእጥፍ ማሳደግም የራሱ ወጥመድ አለው። ፕሮግራሙ ጊዜን የሚለካው ምስል በመቍጠር ከሆነ፣ ምስሉ በእጥፍ ሲጨምር ሰዓቱም በእጥፍ ይሮጣል። በሴኮንድ 30 ምስል ተብሎ ከብዙ ዓመት በፊት የተወሰደ አንድ አሳብ በሺሕ ቦታ ተሰውሮ ይገኛል፤ ያንን እየለቀሙ ማስተካከል የትዕግሥት ሥራ ነው።

ይህ ሁሉ ተደርጎ መድበሉ በወጣ ዕለት የሆነውን መናገር ግድ ነው። የታሪኩን ክፍል ብቻውን የተጫወተ ብዙ ሰው ረክቷል። በኢንተርኔት መስመር ከሌሎች ጋር ለመወዳደር የሞከረው ግን ረጅም ጊዜ ጠብቆ ተወዳዳሪ አያገኝም፤ ሲያገኝም አንዱ ቡድን በዝቶ ሌላው አንሶ ይቀርባል፤ መስመሩም ይቋረጣል። የ343 ኢንዱስትሪስ ኃላፊ ቦኒ ሮስ በዚያው ወር በይፋ ይቅርታ ጠየቁ። ከገለጹትም ምክንያት ውስጥ ችግሮቹ በድርጅቱ የውስጥ መፈተኛ ያልታዩ መሆናቸው ይገኝበታል። «ኦ.ዲ.ኤስ.ቲ.»ም እስከ ዲሴምበር 19 ቀን 2014 ድረስ ለተጫወቱት ሰዎች ያለ ክፍያ የተሰጠው ለዚህ ካሣ እንዲሆን ነው። ጥገናው ከዚያም በኋላ ብዙ ጊዜ ወሰደ፤ የመስመሩን ሥራ ከመሠረቱ ያሻሻለው ትልቁ እርማት የወጣው በኦገስት 2018 ነው።

እዚህ ላይ ማንንም ለመውቀስ መቸኰል አያስፈልግም። በየሥራ ቦታው ተመሳሳይ ታሪክ የሌለው ባለሙያ ጥቂት ነው። በተለያየ ዘመን፣ ለተለያየ መሣሪያ የተሠሩ አራት ነገሮች እያንዳንዳቸው ጤነኛ ሊሆኑ ይችላሉ። በአንድ በር እንዲገቡና በአንድ መስመር እንዲገናኙ ሲደረግ ግን ስብራቱ የሚወጣው ከመጋጠሚያው ላይ ነው። ጥቂት ሰዎች በተዘጋ ክፍል የሚያደርጉት ሙከራም ብዙ ሕዝብ በአንድ ሌሊት የሚያመጣውን ጫና አይተካም። የሚያስመሰግነው ነገር ድርጅቱ ስሕተቱን በአደባባይ ማመኑና ሥራውን ጥሎ አለመሄዱ ነው። ዓመታት ዘግይቶም ቢሆን የታሰበው መድበልና የተሠራው መድበል ተገናኝተዋል።

ለመሆኑ ይህ ሁሉ ድካም ለአንድ ጨዋታ ያስፈልግ ነበርን? የሚል ጥያቄ ቢነሣ፣ መልሱ በሁለት ቀኖች ውስጥ ይገኛል። ኤፕሪል 15 ቀን 2010 የመጀመሪያው ኤክስቦክስ የኢንተርኔት አገልግሎት ተቋረጠ። ጃንዋሪ 13 ቀን 2022 ደግሞ በኤክስቦክስ 360 የሚሠሩት የሄይሎ ጨዋታዎች የመስመር አገልግሎት ተዘጋ። መድበሉ ባይኖር ኖሮ ብዙ ወጣቶች ወዳጅ ያፈሩበት የውድድር ሜዳ በይፋ አገልግሎት የሚገኝበት መንገድ ባልኖረ ነበር። ጉዳዩ የሄይሎ ብቻ አይደለም። በአሜሪካ የሚገኘው የቪዲዮ ጨዋታ ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት በዚያች አገር ከወጡት ጨዋታዎች 87 በመቶው በገበያ ላይ እንደማይገኙ አመልክቷል። ብራና በአግባቡ ከተቀመጠ ለብዙ መቶ ዓመታት ይነበባል፤ ሶፍትዌር ግን የሚያነብበው መሣሪያ ሲሞት በሃያ ዓመት ውስጥ አብሮት ሊቀበር ይችላል።

በአንጻሩ የተያዘ ነገር አንድ ቀን ይጠቅማል። በ2003 በሎስ አንጀለስ በተደረገው የጨዋታዎች ትርኢት ላይ ለሕዝብ ታይቶ፣ ከዚያ የተተወ አንድ የሁለተኛው ጨዋታ ምዕራፍ ነበር። ከተረፉት አሮጌ ፋይሎች ተለቅሞ፣ በበጎ ፈቃደኞች እርዳታ ተጠግኖ፣ ጨዋታው ሃያኛ ዓመቱን ባከበረበት በኖቬምበር 2024 በኮምፒዩተር ላይ ለተጫዋቾች ቀርቧል። አንድ ሰው «ይህ ከእንግዲህ አያስፈልግም» ብሎ ቢያጠፋው ኖሮ ይህ ባልሆነ ነበር።

ከዚህ ምሳሌ ለሙያው የሚተርፈው በአራት ነጥቦች ይጠቃለላል። አንደኛ፣ የሚያድስ ሰው ከግልባጭ ሳይሆን ከእናት ቅጂው ይነሣ፤ እናት ቅጂውን ካጣም ማጣቱን በግልጽ ይጻፍ። ሁለተኛ፣ አዲሱ ከአሮጌው ጋር የሚመዛዘንበት መንገድ ይኑር፤ ንድፉ፣ ስሌቱና የሙከራው መዝገብ ከሥራው ጋር አብሮ ይቀመጥ። ሦስተኛ፣ ክፍሎቹ ለየብቻ ስለ ተፈተኑ መጋጠሚያው ተፈተነ አይባል። አራተኛ፣ ርክክብ የሥራው መጨረሻ አይደለምና ስሕተት ሲገኝ ማመንና መመለስ የሙያው ክብር አካል ይሁን።

አንድ አሮጌ ጨዋታ በአንድ ቁልፍ ወደ ተወለደበት ዘመን ሲመለስ ተጫዋቹ ቢደነቅ አይፈረድበትም። ባለሙያው ግን ከመደነቅ አልፎ ራሱን ሊጠይቅ ይገባል። ዛሬ የሚሠራውን ሥራ ከሃያ ዓመት በኋላ ለማደስ የሚመጣው ባልደረባ መነሻውን ከየት ያገኘዋል? መልሱ የሚዘጋጀው ያን ጊዜ ሳይሆን ዛሬ ነው።