ዛፉ ከእኛ በፊት ነበረ

በሐዋሳ፣ መሃል ከተማ፣ ለልማት ሠራተኞችና ለሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶች የቀረበ ንግግር

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።



ከዚህ ከመሃል ከተማ ወደ ሐይቁ ብንወርድ ጉዱማሌን እናገኛለን፤ የሲዳማ ሕዝብ የዘመን መለወጫውን ፊቼ ጨምበላላን የሚያከብርበት ስፍራ ነው። ሽማግሌዎች የበዓሉን መነሻ ሲተርኩ አንዲት ሴትን ያነሣሉ። ካገባች በኋላ በየዓመቱ ከእንሰት፣ ከወተትና ከቅቤ የተዘጋጀ ቡሪሳሜ ይዛ ወላጆቿን ትጠይቅ ነበር፤ ጎረቤትም ሁሉ ይካፈለው ነበር። ትረካው አጭር ነው፤ ዘመን ለምን ይከበራል ብሎ ለጠየቀ ልጅ ግን በቂ መልስ አለው፦ የተራራቁት እንዲገናኙ።

ቀኑን የሚወስኑት ከዋክብትንና ጨረቃን የሚመለከቱ አያንቶዎች ናቸው። የሲዳማ ሳምንት ዲቆ፣ ዴላ፣ ቀዋዶና ቀዋላንካ የሚባሉ አራት ቀናት አሉት፤ ሰባቱ ሳምንት 28 ቀን፣ 13ቱ ወር 364 ቀን ይሆናል። መጽሐፈ ኩፋሌን ያነበበ ሰው እዚህ ላይ ቆም ማለቱ አይቀርም፤ በዚያም የዓመቱ ቀን 364 ነውና። አንዱ ከሌላው ተቀዳ ማለታችን አይደለም። ሰማይ ሥርዓት አለው፣ ሰውም በዚያ ሥርዓት ሊኖር ይገባዋል የሚለው እምነት ግን በሁለቱም ዘንድ ይገኛል።

በጨምበላላ ዕለት ዛፍ አይቈረጥም፤ ከብት አይታረድም፤ መንጋው ለምለም ሣር ላይ ይሰማራል። ሽማግሌዎችም አገር በቀል ዛፍ እንዳይጨፈጨፍ ይመክራሉ። ዩኔስኮ በዓሉን በ2008 ዓ.ም. መዝግቦታል።

እኛም ከአባቶቻችን የተማርነው 22ቱን ፍጥረታት ነው። ዛፍ በዕለተ ሠሉስ ተፈጠረ፤ ሰው የመጣው በዕለተ ዓርብ፣ ሁሉ ከተሰናዳ በኋላ ነው። በአብያተ ክርስቲያናት ቅጥር ጽድና ወይራ ተጠብቀው የኖሩት የእግዚአብሔር ቤት ግርማ ተደርገው ስለሚታዩ እንጂ ስለ አፈር መሸርሸር ሥልጠና ስለተሰጠ አይደለም።

እንግዲህ ጥፋታችንንም እንናገር። በልማት ሥራ የተሰማራን ሰዎች ብዙ ጊዜ ችግኝና ዕቅድ ይዘን ወደ ቀበሌ እንገባለን፤ ሽማግሌዎቹን ግን ስለ ምድራቸው አንጠይቅም። ችግኙም «የድርጅቱ» ተብሎ ያለ ጠባቂ ይቀራል፤ ደለሉም ወደ ሐይቁ መውረዱን ይቀጥላል። ነባሩ የሲዳማ እምነት ፈጣሪን ማጋኖ ይለዋል፤ በእምነት ያለንን ልዩነት አንሸሽግም። ነገር ግን የዛፍን ክብር ከአያቱ የሰማን ሰው ምንም እንደማያውቅ ቈጥሮ ማስተማር ነውር ነው።

ስለዚህ ለመጪው ክረምት ተከላ ጉድጓድ ከመቈፈሩ በፊት ወደ ሽማግሌዎቹ ሂዱ። የትኛው ዛፍ እንደማይነካ፣ ለምን እንደማይነካ፣ የትኛውስ ከአካባቢው እንደጠፋ ጠይቁ፤ መልሳቸውንም ጽፋችሁ ለሚቀጥለው ስብሰባ አምጡልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።