ኀዘንን በጨዋታና በፊልም ስለ መተረክ



ጨዋታ የሚባል ነገር ለኀዘን ቤት የሚስማማ አይመስልም። እኔም እንዲሁ አስብ ነበር። አሳቤን ያስለወጠኝ በአሜሪካ የራየንና የኤሚ ግሪን ሥራ ነው። ልጃቸው ጆኤል ገና በአንድ ዓመቱ በአንጎሉ ካንሰር ተገኘበት፤ ብዙም አይቆይም ቢባልም እስከ መጋቢት 2014 እ.ኤ.አ. ኖሮ በ5 ዓመቱ ዐረፈ። ፕሮግራም ሠሪው አባት ልጁ በሕይወት ሳለ የጀመረው የቪዲዮ ጨዋታ «ያ ዘንዶ፣ ካንሰር» ተብሎ በ2016 ወጣ።

በአንዱ ክፍል ሕፃኑ በሆስፒታል ሌሊቱን ያለቅሳል። ተጫዋቹ ሊያባብለው፣ ሊያጠጣው ይሞክራል፤ ልቅሶው ግን አይበርድም። ሁልጊዜ ትእዛዝ የሚቀበል መሣሪያ እዚህ ላይ እንቢ ይላል። የፊልም ተመልካች የአባትን ጭንቀት ከውጭ ያያል፤ ተጫዋቹ ግን አቅም ያጣው በገዛ እጁ ነው። የእኛም አልቃሽ ግጥሙን ብቻዋን አትጨርሰውም፤ ለቀስተኛው ይቀበላታል።

ዴቪድ ኦሲትና ማሊካ ዙሀሊ-ዎራል በ2015 ያወጡት ዘጋቢ ፊልም ደግሞ ጨዋታው የሸሸገውን፣ የሥራውን ጠረጴዛና የቤቱን ውሎ ያሳያል። አባት ስለ ልጁ ሕመም የጻፈውን ቃል ለማይክሮፎን ሲያነብ፣ ልጁ በዚያው ቤት ይጫወታል።

ይህን ሳይ ሥራውን ባከብርም አንድ ነገር ይከነክነኛል፤ ወላጆቹ ፈቅደዋል፣ ሕፃኑን ግን ማን ጠየቀው?