ጉንዳንና የቢራቢሮ ገበታ



ቢራቢሮን በቅርብ ሆኖ ለመመልከት የሚሻ ሰው በአትክልቱ ቦታ ጣፋጭ ምግብ ያቀርብላታል። አዘገጃጀቱ ቀላል ነው። 1 እጅ ስኳር በ10 እጅ ውሃ ይበጠበጥና ጥጥ ተነክሮበት በሳህን ላይ ይቀመጣል፤ ከጎኑም በጣም የበሰለ ሙዝ ይጨመራል። ቢራቢሮ በእግሯ ጭምር ስለምትቀምስ፣ ጥጡ ላይ እንዳረፈች የተጠቀለለውን መምጠጫዋን ዘርግታ መመገብ ትጀምራለች።

ነገር ግን ሳይጠራ የሚመጣ እንግዳ አለ፤ እርሱም ጉንዳን ነው። ጉንዳን ሳህኑን በወረረው ጊዜ ቢራቢሮዋ እንደ ልቧ ልትመገብ አትችልም።

አንድ ጉንዳን ምግቡን ካገኘ በኋላ ሌሎቹ በሰልፍ የሚመጡት ስለ ምንድን ነው? ያ ጉንዳን ወደ ቤቱ ሲመለስ ከሆዱ ጫፍ የሚወጣ ሽታ ያለው ፈሳሽ በመንገዱ ላይ እየቀባ ስለሚሄድ ነው። ኤድዋርድ ዊልሰን የተባለው አሜሪካዊ ሊቅ በ1959 እ.ኤ.አ. ባወጣው ጽሑፍ እንደ ገለጠው፣ ከጉንዳን ዕጢ በተወሰደ ፈሳሽ መስመር ቢሰመር ሌሎቹ ጉንዳኖች ያንኑ ይከተላሉ። እንግዲህ ጉንዳኖቹን አንድ በአንድ ከመግደል መንገዳቸውን መቁረጥ ይበልጣል።

መርዝ የሚረጩ ሰዎች አሉ። ይሁን እንጂ ጉንዳንን የሚገድል መርዝ ቢራቢሮንና ንብንም አይምርም፤ ጋብዘን ያመጣናትን እንግዳ በገበታችን ላይ መግደል ይሆንብናል። ዘይት መቀባትም ቢሆን ክንፏን ስለሚያጣብቅ መልካም አይደለም።

የሚሻለው ውሃ ነው። ሳህኑን በሽቦ ከዛፍ ቅርንጫፍ ላይ አንጠልጥሉት። ከሳህኑ በላይ ሽቦው በአንዲት ትንሽ ጣሳ መካከል እንዲያልፍ አድርጉና የጣሳዋን ቀዳዳ በሰም ደፍናችሁ ውሃ ሙሉባት። በሽቦው የሚወርደው ጉንዳን ከውሃው ሲደርስ ይመለሳል። ፀሐይ ውሃውን ስለምታደርቀው በየጠዋቱ መጨመር ያስፈልጋል። ሳህኑን የሚነካ ቅጠል ወይም ሣር ለጉንዳን ድልድይ ስለሚሆን ይቈረጥ፤ የፈሰሰ ስኳርም ይታጠብ።

በመጨረሻም፣ ጉንዳንን እንደ ጠላት አንቍጠረው። አንዳንድ ትናንሽ ሰማያዊ ቢራቢሮዎች ገና ትል ሳሉ ጣፋጭ ፈሳሽ ያወጣሉ፤ ጉንዳኖችም ይህን እየላሱ ትሉን ከአጥቂዎቹ ይጠብቁታል። ጉንዳኑ ከጠፋ የነገዋ ቢራቢሮም ጠባቂዋን ታጣለች። ስለዚህ ከገበታው እናርቀው እንጂ ከአትክልታችን አናጥፋው።