ምክር፣ ሙከራ፣ መከራ
(በማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የተሰጠ ንግግር)



በዚህ መድረክ ላይ ስለ ብረትና ስለ ኮንክሪት፣ ስለ ውኃ ግፊትና ስለ አፈር አቅም ብዙ ተነግሯል። የዛሬው ንግግሬ ርእስ ግን አንድ አጭር ግጥም ነው። መሐንዲስ ስለ ግጥም ሲናገር መስማት ለአንዳንዶቻችሁ እንግዳ ይሆን ይሆናል። ሆኖም ግጥሙ ከሥራችን የራቀ አይደለም፤ የሚናገረው አስተዋይ ሰው የሰጠው ምክር በወጣት ጆሮ ሲገባ ምን እንደሚሆን ነውና። ከመካከላችን አዲስ ምሩቃንን ተቀብሎ ያልመከረ፣ መክሮም ሳይሰማለት ያልቀረ ሰው ቢኖር እጅግ ጥቂት ነው።

የግጥሙ ደራሲ እንግሊዛዊው ባለቅኔ ኤ. ኢ. ሃውስማን ነው። በ1859 (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጠራለሁ) ተወልዶ በ1936 ዐርፏል። «የሽሮፕሺር ወጣት» ብሎ የሰየመውን፣ 63 ግጥሞች ያሉትን መጽሐፍ በ1896 በራሱ ወጪ አሳተመ። ዛሬ የምንመለከተው ግጥም በዚያ መጽሐፍ 13ኛው ነው። ሁለት አንጓ፣ በጠቅላላው 16 ስንኝ ብቻ አለው። ስንኞቹ ከ6 እስከ 7 ቀለም የሚደርሱ ናቸው፤ ማለትም የእኛ የወል ቤት ስንኝ በመካከሉ ቢከፈል የሚወጣውን የ6 ቀለም ግማሽ ያህላሉ። ቃላቱም ልጅ የሚያውቃቸው ቀላል ቃላት ናቸው።

ታሪኩ እንዲህ ነው። የ21 ዓመት ወጣት አንድ አስተዋይ ሰው ሲመክር ይሰማል፤ ገንዘብንና ዕንቁን መስጠት እንደሚቻል፣ ልብን ግን ለራስ ማቆየት እንደሚገባ ይነገረዋል። ወጣቱ አይሰማም። በሁለተኛው አንጓ ያው ሰው ደግሞ ይናገራል፤ ልቡን የሰጠ ሰው በምላሹ የሚያገኘው ብዙ ሐዘንና የማያልቅ ጸጸት እንደሆነ ይገልጻል። ከዚያ በኋላ ወጣቱ 22 ዓመት ይሞላዋል፤ የተባለውም እውነት መሆኑን ይመሰክራል። ግጥሙ በዚህ ያበቃል።

መሐንዲስ ቁጥር ሲያይ ማለፍ አይሆንለትምና በቁጥሮቹ ላይ ጥቂት ልቆይ። መካሪው የሚጠራቸው ገንዘቦች ሦስት ናቸው፤ ክራውን፣ ፓውንድና ጊኒ። በጊዜው አቆጣጠር ክራውን 5 ሺልንግ፣ ፓውንድ 20 ሺልንግ፣ ጊኒ ደግሞ 21 ሺልንግ ነበሩ። ባለቅኔው አስቦበትም ይሁን ሳያስበው፣ ዋጋው ከፍ ከፍ እያለ ሄዶ ልክ በወጣቱ ዕድሜ ላይ ይቆማል። በተጨማሪም በእንግሊዝ አገር አካለ መጠን የሚደርሰው በ21 ዓመት ነበር፤ ወደ 18 ዓመት ዝቅ የተደረገው በ1970 ነው። እንግዲህ ሕጉ ወጣቱን በንብረቱ ላይ ባለ ሙሉ ሥልጣን ባደረገበት ዓመት፣ መካሪው ሕግ ስለማይደርስበት ንብረት ይነግረዋል ማለት ነው።

ከዚህም የሚበልጥ አንድ ነገር አለ። ይህ የፍቅር ግጥም ነው ይባላል፤ ነገር ግን የተፈቀረችው በግጥሙ ውስጥ የለችም። ስሟ አልተጠራም፣ ዓይኗና ጸጉሯ አልተወደሰም፣ ምን እንዳደረገችም አልተነገረም። በመካከሉ ያለው አንድ ዓመት ባዶ ነው። የቀረው ምክሩና ዕድሜው ብቻ ነው። ስለዚህ የግጥሙ እውነተኛ ጉዳይ በመካሪና በተመካሪ መካከል ያለው ርቀት ነው ብል የተሳሳትሁ አይመስለኝም።

በቋንቋችን «ምከረው ምከረው፣ እምቢ ካለ መከራ ይምከረው» ይባላል። ምክርና መከራ በፊደል ዘመድ ናቸው። በመካከላቸው ደግሞ የእኛ የሙያ ቃል የሆነው ሙከራ ተቀምጧል። ሦስቱም በመ፣ በከ እና በረ የቆሙ ናቸው። የሃውስማን ወጣትም በዚሁ መንገድ ተጉዟል፤ ምክሩን ሰማ፣ ሙከራውን ራሱ አደረገው፣ መከራውንም ተቀበለ።

በሙያችን ይህን መንገድ ለማሳጠር ብዙ ተደክሟል። በስኮትላንድ በ1878 ለባቡር የተከፈተው የቴይ ድልድይ ታኅሣሥ 28 ቀን 1879 ምሽት በማዕበል ተደርምሶ ባቡሩን ከነተሳፋሪዎቹ ወደ ውኃ ጣለ፤ የተረፈ ሰው አልነበረም። ከዚያ በኋላ ጉዳዩን ያጠናው ኮሚሽን በ1881 ባቀረበው ሐሳብ የባቡር ድልድዮች በአንድ ካሬ ጫማ 56 ፓውንድ ክብደት የሚያህል የነፋስ ግፊት ታስቦላቸው እንዲሠሩ ሆነ። ይህ ቁጥር የሙታን ምክር ነው። ከእነርሱ በኋላ የመጣ መሐንዲስ ሁሉ የራሱን ድልድይ መጣል ሳያስፈልገው ከእነርሱ መከራ ሊማር ቻለ። ብረት በአንዱ አገር ሲፈተን ያሳየውን ጠባይ በሌላውም አገር ያሳያልና ነው። የልብ ነገር ግን እንዲህ አይደለም። ማንም የሌላውን ልብ በመፈተኛ መኪና ላይ አስቀምጦ የጥንካሬውን ልክ በሠንጠረዥ ሊያወጣለት አይችልም። ወጣቱ ምክሩን ያልተቀበለው ሰነፍ ስለሆነ አይደለም፤ ምክሩ የተነገረው እርሱ ገና ባላየው ገንዘብ ስለሆነ ነው።

ታዲያ ምክሩ ከንቱ ቀረ ማለት ነውን? ብዙ አንባቢ እንዲያ ይደመድማል። እኔ ግን አይመስለኝም። ሁለቱን ምክሮች አነጻጽሩ። የመጀመሪያው ትእዛዝ ነው፤ ይህን ስጥ፣ ያን አትስጥ ይላል። ሁለተኛው ግን ትእዛዝ የለበትም፤ የተከፈለ ዋጋ የሚዘረዝር ምስክርነት ነው። ወጣቱ በ22 ዓመቱ እውነት ነው ብሎ የተቀበለው ይህን የኋለኛውን ነው። ቃሉ አንድ ዓመት ሙሉ ሳይሰማ በውስጡ ተቀምጦ ነበር፤ ሐዘኑ በመጣ ጊዜ ግን መጠሪያ ስም ሆነለት። ያን ቃል ባይሰማ ኖሮ የሚቀርለት ለቅሶው ብቻ ነበር። ስለ ሰማ ግን በዚህ ጎዳና ከእርሱ በፊት ያለፈ ሰው እንዳለ ዐወቀ፤ ብቻውንም አልሆነም።

ልብ ልትሉት የሚገባ ሌላም አለ። በመጨረሻዎቹ ስንኞች መካሪው አይናገርም። ተመልሶ መጥቶ «ነግሬህ አልነበረምን?» አይለውም። እውነቱን የሚናገረው ወጣቱ ራሱ ነው። መካሪው በዝምታው ያስቀረለት ክብር፣ በንግግሩ ከሰጠው ምክር አያንስም።

በ22 ዓመቱ እንደ ሽማግሌ የሚናገረው ወጣት ፈገግ ያሰኘናል፤ ባለቅኔውም ይህን ያውቅ ነበር። መጽሐፉ ሲታተም እርሱ የ36 ዓመት ሰው ነበርና። ሃውስማን ከ1882 እስከ 1892 ለንደን በሚገኘው የፈጠራ መብት መሥሪያ ቤት የንግድ ምልክት ማመልከቻዎችን ሲመረምር የኖረ ጸሐፊ ነበር። በዚያው መሥሪያ ቤት የኤሌክትሪክ ፈጠራ ማመልከቻዎችን የሚመረምረውን የኦክስፎርድ ጓደኛውን ሞሰስ ጃክሰንን ከልቡ አፈቀረ፤ ፍቅሩ ግን ምላሽ አላገኘም። እንዲህ ያለው ፍቅርም በዚያን ጊዜ በአገሩ ሕግ ያስቀጣ ነበር። ጃክሰን በ1887 ወደ ካራቺ ሄደ፤ በኋላም አግብቶ ልጆች ወለደ። በጥር 1923 ካናዳ ውስጥ ከመሞቱ ጥቂት ወራት በፊት፣ ሃውስማን ሁለተኛውን የግጥም መጽሐፉን አሳትሞ ላከለት። ለግጥሙ ወጣት አንድ ዓመት የበቃው ትምህርት ለደራሲው ከ35 ዓመት በላይ ዘልቋል ማለት ነው። ግጥሙን የደራሲው የሕይወት ታሪክ ነው ማለቴ አይደለም፤ በፈገግታው ሥር ያለውን ክብደት ግን ይህ ይገልጥልናል።

የተከበራችሁ ባልደረቦች፤ በእኛ እጅ የሚያልፉት ወጣቶች ልባቸውን የሚሰጡት ለሰው ብቻ አይደለም። ለመጀመሪያው ፕላናቸው፣ ለመጀመሪያው የሥራ ቦታቸው፣ አንዳንዴም ሊሳካ ለማይችል ሐሳብ ይሰጡታል። ሕይወትና ንብረት የሚያሰጋውን ነገር በትእዛዝ እንከልክል፤ በዚያ ላይ ድርድር የለም። ከዚያ ውጪ ባለው ግን ትእዛዛችንን አሳንሰን ምስክርነታችንን እናብዛ፤ ምን እንደከፈልን እንንገራቸው። ሳይሰሙን ቢቀሩም አንቀየም። ያልተሰማ ምክር ሁሉ የባከነ አይደለም፤ ቀኑን የሚጠብቅ አለ። ቀኑ ደርሶ ወጣቱ እውነት ነው ሲል በአጠገቡ ዝም ብለን እንቁም።