ለንጉሥ ስላልሰገዱት ስለ ደቂቀ እስጢፋኖስ



የእንግሊዝ ሰዎች በ1649 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ንጉሣቸውን በሞት ከቀጡ በኋላ፥ በዚያ ሁከት ዘመን ኩዌከር የተባሉት ወገኖች ለሹም ባርኔጣ አናወልቅም ብለው በወህኒ ተጣሉ። ይህ ነገር ግን ከ200 ዓመት በላይ አስቀድሞ በአገራችን ተደርጓል።

ዐፄ ይስሐቅ ካረፉ ወዲህ ነገሥታት ቶሎ ቶሎ ሲፈራረቁ ቈይተው፥ በ1426 ዓ.ም. ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ነገሡ። የአጋሜው መነኵሴ አባ እስጢፋኖስ በሥጋዊው ነገር ለንጉሥ መታዘዝን ሳይክዱ፥ ስግደት ለሥላሴ ብቻ ነው ብለው እንቢ አሉ፤ በእስራትም ሞቱ። ደቀ መዛሙርታቸው ተገረፉ፥ በድንጋይም ተወገሩ። የተረፉት በጉንዳጉንዶ ገዳም በእጃቸው ሥራ እየኖሩ መጻሕፍት ጻፉ።

ለእመቤታችንና ለመስቀሉ አይሰግዱም ተብለው የተከሰሱበትን እኔ አላቃልለውም፤ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት የታወቀ ነውና። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብም ሊቅ ንጉሥ ነበሩ። ነገር ግን የእመቤታችን ክብርና የንጉሥ ክብር በአንድ ክስ ተጠቅልለው ተፈረደባቸው። እናንተ ነጋዴዎች ታውቃላችሁ፤ ስንዴና ባቄላ ተቀላቅሎ በአንድ ቍና አይሰፈርም።

ገድላቸውን ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ወደ አማርኛ መልሰው በ1996 ዓ.ም. አሳትመውታልና፥ ከመፍረዳችሁ በፊት አንብቡት።