የናህላ ሸለቆ፦ ተሰድደው የተመለሱ ሰዎች ታሪክ

(ለካህናትና ለሰበካ ጉባኤ አባላት የቀረበ ንግግር)

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ክቡራን አባቶች፣ የተወደዳችሁ የሰበካ ጉባኤ አባላት፤

ተፈናቃይ ወገኖችን ወደ ቀያቸው ስለ መመለስ በምንመክርበት በዚህ ጊዜ፣ በዚህ መንገድ ቀድመው ያለፉ ሰዎችን ታሪክ ልናቀርብላችሁ ወደድን።

በሰሜን ኢራቅ፣ በዱሁክ ክፍለ ሀገር፣ በተራሮች መካከል ናህላ የሚባል ሸለቆ አለ፤ የኻዚር ወንዝ ያጠጣዋል። በሸለቆው መንደሮች አሦራውያን ክርስቲያኖች ይኖራሉ። ቁጥራቸው ጥቂት ነው፤ ከአራማይክ የተወለደ ቋንቋ ይናገራሉ። ብዙዎቹ የምሥራቅ ቤተ ክርስቲያን ልጆች ስለሆኑ፣ ከ431 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) የኤፌሶን ጉባኤ ጀምሮ በትምህርተ ሃይማኖት ከእኛ ጋር አንድ አይደሉም። ይህ ልዩነት ግን መከራቸውን ከማሰብና ከታሪካቸው ከመማር አያግደንም።

የብዙዎቹ አያቶች የመጡት በዛሬዋ ቱርክ ከሚገኘው ከሐካሪ ተራሮች ነው። በዚያ በታላቁ ዛብ ወንዝ ሸለቆዎች እርከን ሠርተው ያርሱ፣ በሙቀት ወራት ከብቶቻቸውን ወደ ከፍተኛው ግጦሽ ያወጡ ነበር። ፓትርያርካቸው ማር ሺሞንም መንበሩ በቁድሻኒስ መንደር ነበረ። እ.ኤ.አ. በ1915 ይህ ኑሮ ፈረሰ። የኦቶማን ሠራዊትና ከእርሱ ጋር የተሰለፉ የኩርድ ታጣቂዎች ከተራሮቻቸው አሳደዷቸው፤ ወደ ፋርስም ተሰደዱ። በ1918 ከዚያም ተነሥተው ወደ ሐማዳን ሲጓዙ ብዙዎች በረኃብ፣ በበሽታና በጥቃት በመንገድ ቀሩ። የተረፉት በባግዳድ አቅራቢያ በባዕቁባ በድንኳን ተጠለሉ።

ተስፋቸው ወደ ሐካሪ መመለስ ነበር። ይሁን እንጂ በ1926 በተፈረመው ውል ድንበሩ ሲጸና ሐካሪ በቱርክ ግዛት ቀረ፤ የመመለሻውም በር ተዘጋ። አገራችን በ1936 ፍትሕ ፍለጋ አቤት ባለችበት በጄኔቫው የመንግሥታት ማኅበር፣ እነርሱም ቀድመው አቤት ብለው ነበር። በነሐሴ 1933 የኢራቅ ጦር በሲሜሌና በአካባቢው መንደሮች ብዙዎችን ፈጀ፤ በሺዎች የሚቆጠሩትም ወደ ሶርያ፣ ወደ ኻቡር ወንዝ ዳር ተሻገሩ።

በናህላ የሰፈሩት ግን መሬቱን አቀኑ፤ ልጆችም ወለዱ። በ1988 የኢራቅ መንግሥት አንፋል በተባለው ዘመቻ የሰሜኑን ገጠር ሲያወድም፣ የኩርዶችም የአሦራውያንም መንደሮች ፈረሱ፤ ናህላም ባዶ ቀረ። ከ1991 በኋላ ሰዎቹ መመለስ ጀመሩ። ከየት እንደ ጀመሩ ልብ እንበል፦ ቤት ሠሩ፤ የመስኖ ቦይ ጠረጉ፤ ልጆቻቸው በገዛ ቋንቋቸው የሚማሩበት ትምህርት ቤት ከፈቱ። በዚያው ዓመት የተመሠረተው የአሦራውያን ተራድኦ ማኅበርም በዚህ ሥራ ረዳቸው።

ሆኖም ቤት መሥራት ብቻውን አልበቃም። ባለቤቶቹ በሌሉበት ዘመን በመሬቱ ላይ ሌሎች እጃቸውን አስገብተው ነበር፤ ክርክሩም እስከ ዛሬ ይነሣል። በኤፕሪል 2016 የሸለቆው ነዋሪዎች ስለ መሬታቸው አቤት ለማለት ወደ ኤርቢል ሲጓዙ የጸጥታ ኃይሎች በኬላ አስቀርተዋቸዋል። ሥራ ፍለጋ ወደ ከተማና ወደ ባሕር ማዶ የሚሄደው ወጣት ቁጥርም ቀላል አይደለም። ያልታረሰ እርሻና የተዘጋ ቤት ደግሞ ለክርክር የተጋለጠ ነው።

ክቡራን አባቶች፤ ከዚህ ታሪክ የምንወስደው ይህ ነው። ተመላሽን በስንዴና በድንኳን ተቀብሎ ማሰናበት የሥራው መጀመሪያ እንጂ ፍጻሜው አይደለም። ሰው በቀየው የሚጸናው ውኃ ሲያገኝ፣ ልጁ ሲማር፣ የመሬቱም ማስረጃ በእጁ ሲሆን ነው። ስለዚህ እያንዳንዱ ሰበካ የቤተ ክርስቲያኑን ይዞታ ወሰን በሽማግሌዎች ፊት ያስለካ፤ የማረጋገጫ ሰነዱንም በአንድ ሰው ቤት ሳይሆን ቅጂው በወረዳ ቤተ ክህነትም እንዲገኝ ያድርግ። ከደብሩ የተፈናቀሉ ምእመናንን ስምና የነበራቸውን ይዞታ ዛሬ፣ የሚያውቁት ሰዎች በሕይወት ሳሉ፣ በመዝገብ ያስፍር። ሽማግሌው ካረፈ በኋላ የድንበሩን ድንጋይ የሚያሳየን አይኖርም።

እግዚአብሔር አምላክ የተሰደዱትን ይመልስልን፤ የተመለሱትን ያጽናልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።