67 የውድድር ዘመን ከአንድ ክለብ ጋር

አቅራቢ 1፦ ዛሬ የማወራህ ስለ ቤዝቦል ነው። ፊትህን አታጥቁር!

አቅራቢ 2፦ ደንቡም አይገባኝ፤ ይሁን፣ ቀጥዪ።

አቅራቢ 1፦ ቪን ስከሊ እ.ኤ.አ. በ1950 ብሩክሊን ውስጥ የዶጀርስ ክለብን ጨዋታ ማስተላለፍ ጀመረ። ክለቡ በ1958 ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር አብሮ ሄደ፤ ጡረታ የወጣው በ2016 ነው።

አቅራቢ 2፦ ታዲያ ይሄ ጋዜጠኛ ነው ወይስ ደጋፊ?

አቅራቢ 1፦ ቁም ነገሩ እዚህ ላይ ነው። በ1974 ጥቁሩ ተጫዋች ሃንክ አሮን የቤብ ሩትን የቤዝቦል ክብረ ወሰን አትላንታ ላይ ሲሰብር፣ ኳሷን የወረወረለት የዶጀርስ ተጫዋች ነበር። ስከሊ ግን ዜናውን አበሰረና ዝም ብሎ የሕዝቡን ጩኸት አሰማ። ከዚያ፣ በደቡቡ የአሜሪካ ክፍል ለአንድ ጥቁር ሰው ሕዝብ ቆሞ ማጨብጨቡ ምን ያህል ድንቅ እንደሆነ ተናገረ።

አቅራቢ 2፦ የእኛዎቹ አስተላላፊዎች ጎል ሲገባ ዝም ቢሉ፣ ድምፁ ጠፋ ብለን ቴሌቪዥኑን እንደበድባለን!

አቅራቢ 1፦ የሚያናድደው መጨረሻው ነው። ከ2014 ጀምሮ የክለቡ አካባቢያዊ ጣቢያና የኬብል ድርጅቶች በክፍያ ስላልተስማሙ፣ ብዙ የሎስ አንጀለስ ነዋሪ የስከሊን የመጨረሻ ዓመታት በቤቱ ሊከታተል አልቻለም።

አቅራቢ 2፦ በገዛ ከተማው?

አቅራቢ 1፦ በገዛ ከተማው! ለገንዘብ ብሎ እንዲህ ያለውን ሰው ከተመልካቹ መነጠል ነውር ነው።